ጎሚስታው የገባበት ሩም

እሑድ ከዙሁር ሶላት በኋላ በሸምሰዲን ስልክ ቤት ጓዳ ውስጥ የነበሩት ከአዲሱ ገበያ ሙዘይን፣ ኑሕና ጌቱ፣ ከዊንጌት ፊሊሞንና ሦስት ጓደኞቹ፣ የዊንጌቶቹ ተጠባባቂ አቢ፣ የሱቁ ባለቤት ሸምሰዲን፣ እንዲሁም ሂሻም ናቸው። ሂሻም የሸምሰዲንን ታብሌት ጉልበቱ ላይ አድርጎ፣ አውራ ጣቱን "ጀምር" ከሚለው ምልክት በላይ አንሥቶ ይዟል። ስምንቱም ተጫዋቾች ሩሙ ውስጥ ገብተዋል። ሰባቱ እዚሁ ጓዳ ውስጥ ትከሻ ለትከሻ ተጠጋግተው ተቀምጠዋል። ስምንተኛው፣ ጎሚስታው በሚል ስም የገባው፣ የት እንዳለ ግን የተናገረ የለም።

"እንዳትነካው!" አለ ፊሊሞን።

የሂሻም ጣት ባለበት ቀረ።

"ምን ሆንክ ደግሞ?" አለ ሙዘይን። "ባትሪህ አለቀ?"

"ባትሪዬ ሙሉ ነው። ጎሚስታው ፊቱን ካላሳየ ግን አልጫወትም።"

ጓዳው በሳቅ ተሞላ። ፊሊሞን ግን አልሳቀም። ስልኩን የካርቶን ሳጥን ላይ በግንባሩ ደፍቶ እጁን አጣጠፈ።

ጨዋታው በስልክ የሚጫወቱት የተኩስ ጨዋታ ነው። አራት አራት ሆነው አንድ ካርታ ላይ ይወርዳሉ፤ መጨረሻ ላይ ሰው የተረፈለት ቡድን ያሸንፋል። ካስተም ሩም የሚሉት ደግሞ ማንም ዘው ብሎ የማይገባበት፣ ቁጥሩና የይለፍ ቃሉ የተሰጠው ሰው ብቻ የሚገባበት የግል ጨዋታ ነው። ሩሙን የሚከፍተው ሰው ሆስት ይባላል። ካርታውን እሱ ይመርጣል፣ ያልተፈለገውን እሱ ያስወጣል፣ ጨዋታው ሲጀመርም ራሱ ሳይጫወት ሁሉንም ከላይ ሆኖ ያያል። ማን ከየትኛው ግድግዳ ጀርባ እንዳደፈጠ ያውቃል። ስለዚህ የሚታመን ሰው መሆን አለበት።

በሸምሰዲን ጓዳ ደንቡ ከዚህም ይጠብቃል። እዚህ ሆስት አያስልም። አይስቅም፣ "ውይ" አይልም፣ ወንበሩንም አያንቋቅም። ከሂሻም በፊት ሆስት የነበረው ጌቱ ነው። አንድ እሑድ ጠላት ከኑሕ ጀርባ በሩ ሥር ቆሞ ሲያይ ጉሮሮውን ጠረገ። እሱ አቧራ ነው ይላል፤ ኑሕ ግን ዞር ብሎ ተኮሰ። በማግስቱ ሆስትነቱ ለሂሻም ተሰጠ፤ የተቃወመም አልነበረም። ሂሻም ሰው ሲያናግረው ዐይኑን መሬት ላይ የሚተክል፣ ሰላምታውን እንኳ በግማሽ የሚውጥ ወጣት ነው። ከስምንተኛ ክፍል ወዲያ አልተማረም። ሌላውን ቀን ሁሉ በአባቱ በሙሐዲን ሱቅ ውስጥ ባልዲና ጀሪካን ሲደረድር ይውላል፤ ደንበኛውም "አንተ፣ ያንን አውርድ" ከማለት በቀር ስሙን አይጠራውም። እሑድ ግን ሩሙን ከፍቶ ቁጥሩን ቴሌግራም ላይ ሲለጥፍ ሁለት ሠፈር እሱን ይጠብቃል።

አሁን ደግሞ ከዚህ የሚበልጥ ነገር መጥቷል። ለከተማው ውድድር ከጉለሌ አንድ ሆስት ይላክ ተብሏል። ሸምሰዲን የሂሻምን ስም ሊልክ አስቧል። የሚቀረው የሁለቱ ሠፈር ግጥሚያ የዛሬ ፍጻሜ ያለ ጠብ ማለቁ ነበር።

"ሙዘይን፣ ሰውየው ያንተ ቡድን ነው አይደል?" አለ ፊሊሞን። "የት ነው ያለው?"

"እኔ ምን አውቃለሁ? ከቴሌግራም ግሩፑ ነው ያገኘሁት። ማይክ አይከፍትም። ና ስለው ይመጣል፣ ተኩስ ስለው ይተኩሳል። ከዚህ በላይ ምን ልጠይቀው፣ ልድረው ነው?"

"እኔ ፈልጌዋለሁ፣" አለ ጌቱ። "ስሙ ጎሚስታው አይደል? የአዲሱ ገበያን ጎሚስታ በሙሉ ዞሬ አንተ ነህ ወይ ብያለሁ። አንዱ ጎማ ካልያዝክ ዞር በል ብሎ በመፍቻ አባረረኝ።"

"ቀልዱን ተወው፣" አለ ፊሊሞን። " ባለፈው እሑድ ካርታው ላይ ካለው ቤት ጀርባ ተደብቀን ሳለ ምንም ሳይፈልግ ቀጥ ብሎ መጣብን። አራታችንንም ለቀመን። ማን ነገረው?"

"ማን ይነግረዋል?"

"ሁሉንም የሚያይ ሰው።"

ዐይን ሁሉ ወደ ሂሻም ዞረ። ጆሮው ጋለ። ጎሚስታው ማን እንደሆነ በዚያ ጓዳ ውስጥ ከእሱ በቀር የሚያውቅ አልነበረም።

ያወቀው በክረምቱ መውጫ ነው። የሸምሰዲን ሱቅ መብራት ጠፍቶ ሩሙን ከቤት በከፈተበት እሑድ "ጀምር" የሚለውን ሲጫን፣ የጨዋታው መክፈቻ ድምፅ ከእሱ ስልክ ብቻ ሳይሆን ከመጋረጃው ማዶም ተሰማ። መጋረጃውን ገለጠ። ታላቅ እህቱ ቶይባ ለሽሮ ሜዳ ነጋዴዎች ጋቢና ነጠላ ትቋጫለች። ጫፉ ገና ያልተቋጨ ጋቢ ጭኗ ላይ እንደተዘረጋ ስልኳን በሁለት እጇ ይዛ ነበር።

"ጎሚስታው?" አላት።

"ቶይባ ብዬ ብገባ ማን ያጫውተኛል? ሂድ አሁን፣ ጀምሯል!" አለችው። ማታ ላይ ደግሞ እንዲህ አለች፦ "አንተ ሆስት ነህ፣ እኔ ተጫዋች። እዚያ አንተዋወቅም።"

ቃላቸውን ጠበቁ። እንዲያውም አበዙት። እሑድ እሑድ ምሳ ላይ እንኳ ሳይተያዩ ነበር የሚበሉት። እናታቸው የተጣሉ መስሏት ልታስታርቃቸው ሞክራለች።

"ውኃ ልጠጣ፣" አለ ሂሻም። ታብሌቱን ሸምሰዲን ፊት አስቀምጦ ወደ ውጭ ወጣ። ታክሲዎቹ የቆሙበት ጥግ ሄዶ የራሱን ስልክ አወጣና ደወለ።

"ምን ነካህ? አሁን ይደወላል?" አለች ቶይባ።

"ፊቱን ካላሳየ አንጫወትም ብለዋል።"

"ይበሉዋ። እመጣለሁ።"

"አትምጪ።"

"ታዲያ ምን ላድርግ?"

ሂሻም ስልኩን ጆሮው ላይ አጥብቆ ጫነ። አንዱ ረዳት አጠገቡ ቆሞ "ዊንጌት! ዊንጌት ያለው!" እያለ ይጮኻል።

"ከሩሙ ልታስወጣኝ ነው?"

"አላልኩም።"

"አትምጪ ማለት ታዲያ ምንድነው? ይኸውልህ፣ ለወር ያህል ይህችን ቀን ስጠብቅ ነበር። ጋቢውን ጠቅልዬ መጣሁ።" ስልኩን ዘጋችው።

ሲመለስ ሁሉም ዐይናቸውን በሩ ላይ ተክለው ጠበቁት። ሙዘይን ከንፈሩን ነክሷል። ጌቱ ታብሌቱን በሁለት እጁ እንደ ትሪ ይዞ ተነሣ።

"ሂሹ፣ አንድ ነገር ልጠይቅህ፤ አትቆጣኝም አይደል?"

"ጠይቅ።"

"አንተ ውጭ ወጥተህ ስልክህን ጆሮህ ላይ ስታደርግ በመስኮት አየንህ። ያኔ ጎሚስታው ከሩሙ ተቋረጠ። ስልክህን ስትዘጋ ተመልሶ ገባ።"

ሌላ ማስረጃ አላስፈለገም። ሲደወል ኢንተርኔቱ እንደሚቋረጥ እዚያ ያለው ሁሉ በራሱ ላይ ደርሶበት ያውቃል፤ በተኩስ መሐል እናቱ ደውላ ያላስገደለችው አልነበረም። ሂሻምም ያውቅ ነበር። ሲደውል ግን ለእህቱ እንጂ ለጎሚስታው የሚደውል አልመሰለውም።

"ማነው?" አለ ፊሊሞን።

"እህቴ ናት።"

"እህትህ?"

"ቶይባ። ምንም ነግሬያት አላውቅም።" በዚያ ጓዳ ውስጥ ይህን ያህል ተናግሮ አያውቅም ነበር።

"ወላሂ?" አለ ሙዘይን። ቁጣውና ደስታው ፊቱ ላይ ተምታቱ። "እነዚያን ሁሉ የጣለችልኝ ቶይባ ናት?"

ፊሊሞን ሊመልስ አፉን ሲከፍት በሩ ላይ ድምፅ ተሰማ።

"አሰላሙ ዐለይኩም።"

"ወዐለይኩሙ ሰላም፣" አለ ሸምሰዲን። ብድግ ብሎ በርጩማውን አቀበላት። ቶይባ ግን አልተቀመጠችም። ሻርፗ ላይ የነጭ ጥጥ ብናኝ አለ።

"ጎሚስታው!" አለ ጌቱ። "እኔ በፀሐይ ስዞር የከረምኩት አንቺን ፍለጋ ነው?"

"ምነው፣ ጎማህ ፈነዳ?"

ሳቁ እስኪበርድ ፊሊሞን ጠበቀ። "ስሚ፣ ቶይባ። በአንቺ ላይ ምንም የለኝም። ግን ሆስቱ ወንድምሽ ነው። ባለፈው ከቤቱ ጀርባ መሆናችንን በምን አወቅሽ?"

"ስትሮጡ ኮቴያችሁ እስከ ሽሮ ሜዳ ይሰማል። ከዚያ በፊት በነበረው እሑድ ግን አንተ ራስህ ደጋግመህ ገደልከኝ። ያኔ ወንድሜ ተኝቶ ነበር?"

"እሱማ... እሱማ እኔ ስለቻልኩ ነው።"

"አየህ! ስትገድለኝ ችለህ ነው፣ ስገድልህ ተነግሮኝ ነው።"

የፊሊሞን ጓደኞች እንኳ ሳቁ። እሱም ፈገግ ሊል ምንም አልቀረውም፤ ከዚያ ራሱን ነቀነቀ። "እሺ፣ አምኜሻለሁ። ግን ዛሬ ብንሸነፍ ሠፈሬ ሄጄ ምን እላለሁ? ሆስቱ ወንድሟ ነው ካልኳቸው በኋላ ኮቴያችን ተሰምቶ ነው ብል ማን ይሰማኛል?"

ሁሉም ወደ ሸምሰዲን አየ። ሸምሰዲን ጢሙን አሻሸ።

"እንግዲህ እህቴ፣ ቅር አይበልሽ። የዛሬውን ብቻ ተዪው። ሙዘይን ሌላ ሰው ያስገባል፣ ሂሻም እንደ ድሮው ይመራል፣ ነገሩም ያልቃል።" ወደ ሂሻም ዞሮ ድምፁን ዝቅ አደረገ። "ነገ የምልከው ፍጻሜውን የመራውን ሰው ስም ነው። እንደዚያ ነው የተባልኩት። አንተ ደግሞ ለዚህ የተፈጠርክ ነህ።"

"አሁን ማንን ነው የማስገባው?" አለ ሙዘይን። "ከመንገድ ሰው ልጥራ?"

ቶይባ አልተከራከረችም። ስልኳን እያየች፣ "ያልጨረስኩት ሥራ አለ። ካልሆነ ልሂድ፣" አለች። አልሄደችም ግን። ወንድሟን አየችው። ልመና አልነበረበትም፤ መልሱን ትጠብቃለች እንጂ።

ሂሻም ታብሌቱን ከጌቱ እጅ ተቀበለ። የተጫዋቾቹ ስም በየተራው ተደርድሯል። "ጎሚስታው" በሚለው ጎን "አስወጣ" የሚል ምልክት አለ፤ አንድ ንክኪ ይበቃዋል። ባለጌ ተሳዳቢዎችን፣ የይለፍ ቃል ሰርቀው የገቡትን በዚች ምልክት ስንት ጊዜ አስወጥቷል።

"አቢ፣" አለ።

"አቤት?" ተጠባባቂው አቢ ጥግ ላይ ተደግፎ ነበር። እንደሚጠሩት አልጠበቀም።

"በስልክህ ሩሙ ውስጥ አለህ?"

"አዎ፤ ለማየት ገብቻለሁ።"

"ሆስት መሆን ትችላለህ?"

"እኔ? እ... ማለቴ፣ እችላለሁ፣ ግን..."

ሙዘይን ከተቀመጠበት ተነሣ። "አብደሃል እንዴ? የዊንጌት ልጅ ነው! ከላይ ሆኖ ሁላችንንም ሊያየን ነው!"

"ይየን፣" አለች ቶይባ።

"ምን ይየን ትያለሽ! ቢነግርብንስ?"

"ተቀመጥ ሙዘይን። ይየን አልኩህ።"

ፊሊሞን የተጣጠፈ እጁን ፈታ። ስልኩን ከሳጥኑ ላይ አነሣና አቢን ገላመጠው። "ወንድሜ፣ ትንፍሽ ብትል ከሠፈር ነው የማባርርህ።"

"ሂሻም፣" አለ ሸምሰዲን። "የነገርኩህን ሰምተሃል? የሚሄደው የአቢ ስም ይሆናል።"

"ሰምቻለሁ።"

"ዕድሉ ተመልሶ አይመጣም እኮ።"

"አውቃለሁ ሸምሱ።"

ሂሻም የአቢን ስም ነካና "ሆስት አድርግ" የሚለውን መረጠ። ታብሌቱ እርግጠኛ ነህ ብሎ ጠየቀው። "አዎ" የሚለውን ተጫነ። ቶይባ በርጩማውን ስባ ከኑሕና ከጌቱ መሐል ተቀመጠች። ሂሻም ከሩሙ ራሱን አስወጣ፣ ታብሌቱንም ለሸምሰዲን አስረከበ።

አቢ ጨዋታውን አስጀመረ። ዊንጌቶች አሸነፉ፤ ከአዲሱ ገበያ በኩል መጨረሻ ላይ የወደቀችው ቶይባ ናት። ሰኞ ጠዋት ሸምሰዲን ለከተማው ውድድር የአቢን ስም ላከ።