ኩሽናውን የበላው ግንብ

ጎንደር ውስጥ ሕንፃ ሠርቶ ግንብ አለመጨመር ነውር ነው። ሆቴሉ ግንብ አለው፣ ነዳጅ ማደያው ግንብ አለው፣ የሞባይል መሸጫው እንኳ አቅሙ በፈቀደ መጠን ግንብ ቢጤ አናቱ ላይ ደፍቷል። ነገሥታቱ አንድ ጊዜ ስለሠሩት፣ እኛ ንድፍ የምንሠራ ሰዎች ዕድሜ ልካችንን ያንኑ ጉልላት ስንገለብጥ እንኖራለን። ስለዚህ የሕንፃ አሠሪ ኮሚቴው ሰብሳቢ አቶ ሰውነት "ግንቡስ የታለ?" ብለው ሲጠይቁኝ መገረም አልነበረብኝም።

ሥራው ከኮሶዬ አለፍ ብሎ፣ አንድ ጤና ጣቢያ ግቢ ውስጥ የሚሠራ የእናቶች ማቆያ ነበር። መውለጃቸው የተቃረበ ሴቶች ከየመንደሩ መጥተው ምጥ እስኪመጣ የሚያርፉበት፣ ወልደውም ጥቂት የሚሰነብቱበት ቤት ነው። ጥቂት መኝታ ክፍሎች፣ መታጠቢያ ቤትና ኩሽና አለው። ለእኔ ከሁሉም የሚበልጠው ኩሽናው ነበር። እህቴ ወለላ የምትኖረው እዚያው አካባቢ ነው። የመጀመሪያ ልጇ እቤቷ ተወልዶ ሳይነጋ ሞተባት። ለምን ጤና ጣቢያ እንዳልሄደች ስጠይቃት፣ "ገንፎ የማይገነፋበት ቤት ምን ብዬ ሄጄ እወልዳለሁ? እንደ በሽተኛ ብስኩት ሊያበሉኝ?" አለችኝ። ተናደድኩባት፤ አለቀስኩም። በኋላ ግን ገባኝ። ገንፎው ካልሸተታት፣ ሴቶቹም ተሰብስበው ካልበሉላት የወለደች አይመስላትም። እንደገና ስታረግዝ የምትሄድበት ቤት እንዲኖራት ኩሽናውን ከመኝታ ክፍሎቹ ቀድሜ ሳልኩት።

መሥሪያ ቤታችን ለዓመታት የሠራንበት ውድ ፕሮግራም ነበረው። ውድ የምለው ለገዙት ነው፤ እኛ ከጓደኛ ፍላሽ ነው የገለበጥነው። አንድ ቀን አልከፈትም ብሎ ቀረ። እኔም የሕንፃ ሞዴል ከፍቶ የሚያሳይና የሚያስተካክል ነፃ ሶፍትዌር ከኢንተርኔት አወረድኩ። ሞዴል ስል ሥዕል ማለቴ አይደለም። ሞዴሉ ውስጥ እያንዳንዱ ግድግዳ ግድግዳ መሆኑን ያውቃል፤ ከምን እንደተሠራና የትኛው በር የእሱ እንደሆነ ሲጠይቁት ይናገራል። ከብዙ ኮሚቴ ይሻላል ማለት ነው። አለቃዬ ዳኛው ግን "ነፃ ከሆነ የሆነ ነገር አለበት" እያለ ሲጠራጠረው ከረመ። የተሰረቀውን አንድ ቀን እንኳ ተጠራጥሮት አያውቅም።

አቶ ሰውነት ሞዴሉን በራሳቸው ላፕቶፕ ማየት ፈለጉ። ለማየት ብቻ የሚሆን ቀለል ያለ ፕሮግራም ነበር። እኔ ግን ነፃ ነው ብዬ ማስተካከያውንም ጨምሬ ጫንኩላቸው። ነፃ ነገር ሲሆን እጃችን ይፈታል፤ ሠርግ ቤት ለጠገበ ሰው በላይ በላዩ እንደምናጎርሰው ነው። ማዞር፣ ማቅረብና መምረጥ አሳየኋቸው። መሰረዝን አላሳየኋቸውም። እሱን በራሳቸው ደረሱበት።

በሳምንቱ ፋይሉ ተመልሶ ሲመጣ ኩሽናው የለም። በቦታው ክብ ግንብ ከነጉልላቱ ቆሟል፤ ላይኛው ፎቅ "የሰብሳቢ ቢሮ" ተብሏል። ደረጃ የለውም፤ በርም የለውም። በየት እንደሚገቡ ለእግዚአብሔር ትተውታል። ደወልኩላቸው።

"አቶ ሰውነት፣ ኩሽናው የት ሄደ?"

"ኢንጅነር፣ ቤቱ ያለው ደባርቅ መንገድ ዳር ነው። አላፊ አግዳሚው ጭስ ይታየው ወይስ ግንብ ይታየው?"

"ሴቶቹስ ገንፎ የት ያገንፉ?"

"ሠርተው ይዘው ይምጡ። በፔርሙዝ።"

ገንፎ በፔርሙዝ። ይህን ያሉት ሰው የአምስት ልጆች አባት ናቸው።

ኮሚቴው ሲሰበሰብ አቶ ሰውነት ላፕቶፑን ከፍተው ግንቡን እንደ ሙሽራ አዞሩት። አባላቱ ተራ በተራ "ሸጋ ነው" አሉ። እኔ ሞዴሉን ለሁለት ከፍዬ በር እንደሌለው አሳየሁ። አቶ ሰውነት ጉሮሯቸውን ጠርገው፣ "የውስጡን አንቺ ታስተካክያለሽ፤ ውጩን ግን እንዳትነኪ" አሉኝ። ኮሚቴውም በሙሉ ድምፅ ተስማማ።

እኔም ታዘዝኩ። ከውጩ አንድ ድንጋይ አልነካሁም። ከውስጥ ቢሮውን አነሳሁት፤ ከሥር ምድጃዎችን ደረደርኩ፤ ከእናቶቹ ክፍል በኩል በር አወጣሁ፤ ከጉልላቱ ሥር ያሉትን መስኮቶች የጭስ መውጫ አደረግኳቸው። ስሙንም "ኩሽና" ብዬ በግልጽ ጻፍኩበትና ለሁሉም ላክሁ። ምንም አልደበቅኩም። ውስጡን ለማየት ግን ማውሱን አንድ ጊዜ መጫን ያስፈልግ ነበር፤ እነሱ በውጩ ውበት ተጠምደው ነበር። አጸደቁት። ግንባታውንም አቶ ሰውነት ከመኪና ሳይወርዱ ተከታተሉት።

ቤቱ አልቆ ሴቶች መግባት ከጀመሩ በኋላ ለምረቃ ቀን ተቆረጠ። እንደገና ያረገዘችው ወለላ ከአማቷ ከእትዬ አምሳለ ጋር ገብታ ስትጠባበቅ ቆይታ፣ በምረቃው ዕለት ማለዳ ጤና ጣቢያው ውስጥ በሰላም ተገላገለች። ሴት ልጅ ናት። ወደ ማቆያው መልሰዋት እንግዶቹ ንግግር እያደረጉ ሳለ፣ ከጉልላቱ ሥር ጭስ ይትጎለጎል ጀመር። አቶ ሰውነት ከመድረክ ወርደው መጡ።

"ግንቡ እየተቃጠለ ነው።"

"አይደለም፤ ገንፎ ነው።"

"በማን ፈቃድ?"

"በእርስዎ። ፋይሉ ውስጥ አለ፤ ሲፈልጉ ይክፈቱት፣ ነፃ ነው።"

ግንቡን ዙሪያውን ዞሩት። በር አላገኙም። በእናቶቹ ክፍል በኩል ሲገቡ እትዬ አምሳለ ማማሰያዋን እንደያዘች በሩ ላይ ቆመችባቸው።

"አያ ሰውነት፣ ወንድ አይገባም። ወላድ አለች።"

"ግንቡን ያሠራሁት እኮ እኔ ነኝ።"

"ሸጋ ነው። ከውጭ ሆነው ይዩት።"

እንግዶቹ ከኋላቸው ደርሰው ነበር። አቶ ሰውነት ግራ ቀኝ አዩ፤ ባርኔጣቸውን አወለቁ፤ በተዘጋው በር ፊት ቆመው "እንኳን ማርያም ማረችሽ" አሉ። እኔ ሴት ስለሆንኩ በጎናቸው አልፌ ገባሁ። ወለላ ልጇን ታቅፋ፣ ገንፎው አፏን ሞልቶት "አሜን" ለማለት ትታገል ነበር።