ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ

ላፕቶፑ መጥራት ሲጀምር ልብስ ሰፊዋ ስፒሎች በከንፈሯ ይዛ የቀሚስ ወገብ እያያዘች ነበር። ስፒሎቹን አንድ በአንድ አውጥታ መሰኪያው ላይ ስትሰካ አንዷ ከጣቷ አመለጠችና ወለሉ ላይ ወደቀች። ጥሪ በሰማች ቁጥር እንዲህ ያደርጋት ጀምሯል። ድሮ እየሳቀች የምታነሳው ያ የጥሪ ዜማ፣ ሚጣ እዚህ ክፍል ከገባች ወዲህ ያስደነብራታል።

ሚጣ ታናሽ እህቷ ናት። አባታቸው መርጦ ያወጣላት ደህና ስም አላት፤ ግን ማን ጠርቷት! ተምራም ሚጣ፣ ባል አግብታም ሚጣ። አሁን ከመጋረጃው ወዲያ ጎንበስ ብላ የተማሪ ዩኒፎርም ትሰፋለች። ከቀኝ ዓይኗ ሥር የነበረው ጥቁረት ወደ ቢጫ ዞሯል፤ አንገቷ ላይ ያለውን ግን አሁንም በሻርፕ ትሸፍነዋለች። ባሏ እጁን ከአንገቷ ላይ ሲያነሳ አልጮኸም፣ አልተሳደበም። «የትም ብትሄጂ አገኝሻለሁ» ነው ያላት፣ ውሃ አቀብይኝ እንደሚል ሰው ቀስ ብሎ። ያን ሁሉ ጊዜ ቁጣውን የቻለችው ሚጣ ይህን እርጋታውን መቻል አቃታት። እሱ ሥራ ሲሄድ በለበሰችው ልብስ ወጥታ እህቷ ጋ መጣች።

እህቷ ወደ ቤቷ አላስገባቻትም። ቤቷን ባልየው ያውቀዋል፤ መጥቶም በሩ ላይ ብዙ ቆሞ ሄዷል። ይህን ከመድኃኒት ቤቱ በላይ ያለውን ክፍል ግን አያውቀውም። የተከራየችው በቅርቡ ነው፤ በሩ ላይ ምልክት እንኳ ገና አልሰቀለችም። ነገ ጠዋት ሚጣ አውቶቡስ ተሳፍራ ሩቅ ከተማ ወዳለች ጓደኛዋ ትሄዳለች፤ ሥራም ተገኝቶላታል። ዛሬን ብቻ ማለፍ ነው። ሰፊዋ ከነጋ ጀምሮ ለራሷ የምትለው ይህንኑ ነው፤ ዛሬን ብቻ።

ማለፉ ግን እንዲህ ቀላል አልሆነም። ረፋዱ ላይ ደረጃው ላይ የሰው ኮቴ ተሰምቶ ሁለቱም ባሉበት ደርቀው ቀሩ። ሚጣ የስፌት መኪናው ሥር ገብታ ተኮራመተች፤ ሰፊዋ መቀሱን ጨብጣ በሩ ላይ ቆመች። የመጣችው ለካ የመድኃኒት ቤቱ ልጅ ናት፤ የጋውኗ ቁልፍ ተበጥሶባት። ሰፊዋ ቁልፉን ስትተክልላት መርፌዋን ለማስገባት ዓይኗ ፈዞ ደጋግማ ሳተችው። ልጅቱ ከሄደች በኋላ ሚጣ ከመኪናው ሥር ሆና ሳቀች። «እታለም፣ ያንቺ ፊት እኮ ጋዜጣ ነው። ሰውየው ቢመጣ መጠየቅም አያስፈልገው፣ አንብቦሽ ያልፋል።» ሰፊዋ አብራት ልትስቅ ሞክራ አልሆነላትም።

የአሁኑ ጥሪ የእናታቸው ነው። የሰፊዋ ስልክ ከደረጃው ወድቆ ካሜራው ከተሰበረ ወዲህ የመደወያ አፑን ላፕቶፑ ላይ ከፍታ ነው በቪዲዮ የምታወራት፤ እናት «ድምፅሽን ምን ላድርገው፣ መልክሽን አሳዪኝ» የምትል ሴት ናትና። አለማንሳት የማይታሰብ ነው። አንድ ቀን ካላነሱላት ለዘመድ አዝማዱ ሁሉ ደውላ አገሩን ታምሰዋለች።

ስለ ሚጣ ግን ምንም አልነገሯትም። ደም ግፊት አለባት፤ ክፉ ወሬ እንዳትሰማ የወሰነው ሐኪሙ ሳይሆን ልጆቿ ናቸው። «ለሥልጠና ሌላ ከተማ ሄዳለች፣ እዚያ ኔትወርክ የለም» አሏት። እናትም «እሺ» አለች። ለጨዋታ እንኳ የማትዋሽ ሴት ናት፤ ጎረቤቷ አዲስ ልብስ ለብሳ «አማረብኝ?» ብትላት «አላማረብሽም» ብላ እቅጩን ትነግራታለች። እንዲህ ያለ ሰው ሌላው ይዋሸኛል ብሎ መች ያስባል።

ሰፊዋ ለዚህ ጥሪ ደንብ አውጥታ ነበር። ግድግዳው እንዳይታይ ከጀርባዋ አቡጀዲ ተሰቅሏል፤ መስኮቱ ተዘግቷል፤ ላፕቶፑ ሲጠራ ሚጣ እግሯን ከፔዳሉ ታነሳለች። ይኸኛው ደንብ ግን ውሎ አድሮ ላላ። ዩኒፎርሙ መድረስ አለበት፣ ሥራው ተቆልሏል። «ተይው፣ ስፊ፤ ለእማዬ የመኪና ድምፅ ምኗ ነው!» ያለችው ራሷ ሰፊዋ ናት።

አረንጓዴውን ነካችው። እንደ ሁልጊዜው መጀመሪያ የመጣው የእናቷ ግንባር ነው፤ ከግንባሩ በላይ ያለው ሁሉ ጣሪያ።

«እማዬ፣ ስልኩን ዝቅ አድርጊው። ግንባርሽን ብቻ ነው የማየው።»

«ምን ሆነ ግንባሬ? አባትሽ የወደደው ግንባር ነው፣ እይው!» አለች እናት። ቀልዱ የተለመደው ነው፤ ድምፅዋ ግን አልሳቀም። «ምሳ በላሽ? ከሳሽ እኮ።»

«አልከሳሁም፣ ካሜራው ነው።»

«እንግዳ አለኝ።»

እዚያ ቤት እንግዳ ካለ ስልክ ይዞራል። ጎረቤት ይሁን ቆጣሪ አንባቢ አይለይም፤ «ያዝ፣ ልጄን ሰላም በላት» ይባላል። በዚህ ዓይነት ሰፊዋ ስንቱን የማታውቀውን ሰው ጤና ጠይቃለች። ዛሬ ግን እናት ስልኩን አላዞረችም፤ እንዲያውም ወደ ፊቷ ይበልጥ አስጠጋችው።

«እማማ፣ እኔም ሰላም ልበላት እንጂ» አለ የወንድ ድምፅ ከጎን።

«ቆይ፣ አልጨረስኩም።»

«ይጨርሳሉ፣ የት ይሄዳሉ።»

ምስሉ ተገለባበጠ፤ ጣሪያ፣ የወንበር እግር፣ ብርቱካን የያዘ ፌስታል። ከዚያ ቀጥ ብሎ ቆመ። እሱ ስልክ መያዝ ያውቃል።

የሚጣ ባል ነው። ጸጉሩን ተቆርጧል፣ ሸሚዙ ተተኩሷል፤ ያየው ሁሉ ደህና ልጅ ነው የሚለው።

«ጠፋሽ፣ እህት ዓለም» አለ ባልየው። «ቤትሽ መጥቼ አጣሁሽ።»

«ሥራ በዛብኝ።»

«እሱንማ እየሰማሁት ነው።»

እሷም ያኔ ነው የሰማችው። ከመጋረጃው ወዲያ መኪናው ይሄዳል። ጥቂት ይሄዳል፣ ቆም ይላል፣ ደግሞ ይሄዳል። ጩኸቱ የባሏን ድምፅ ሸፍኖባት ሚጣ ምንም አልሰማችም። ሰፊዋ ደግሞ ሁለት እጇን ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ ካሜራው ፊት ተቀምጣለች። ስክሪኑ ጥግ ላይ ባለችው ትንሽ ምስል ውስጥ እጆቿን አየቻቸው፤ ባዶ ናቸው፣ ጣት እንኳ አይነቃነቅም። ታዲያ ማነው የሚሰፋው? ይህን ሕፃንም ይጠይቃል።

ድምፁን ብትዘጋው እሱ ጋ መዘጋቱ ይታያል። ጥሪውን ብትቆርጠው መቁረጧ ራሱ መልስ ነው፤ እናቷም ከእሱ ጋር ብቻዋን ትቀራለች። ክርኗን ወደ ጎን ገፋ አደረገችና ትልቁን መቀስ ከጠረጴዛው ላይ ጣለችው። መቀሱ ወለሉ ላይ ሲንኳኳ መኪናው ቀጥ አለ።

ዝምታው ከድምፁ ባሰ።

«ቆመ» አለ ባልየው ፈገግ ብሎ። «ማነው የሚሰፋልሽ?»

አንድ ስም፣ አንዲት የጎረቤት ልጅ፣ ማንም ሰው መጥራት ይበቃ ነበር፤ የምታውቀው ስም ሁሉ ጠፋባት።

«ሠራተኛ ቀጥራለች ብዬህ የለም እንዴ» አለች እናት ከጎን።

ሰፊዋ ሠራተኛ ቀጥራ አታውቅም። ቀጠርኩ ብላም ለእናቷ ነግራ አታውቅም።

«አላሉኝም» አለ ባልየው።

«እንግዲያው ረስቼዋለሁ፣ እርጅና ነው። ጎበዝ ናት አሉ፣ ትንሽ ቀርፈፍ ትላለች እንጂ።»

ባልየው ዓይኑን ከሰፊዋ ላይ አላነሳም። «ጥሩ ነው። እኔም የማሳጥረው ሱሪ ነበረኝ። የት ሆነ አሁን ሱቅሽ? ዛሬውኑ ብቅ እላለሁ።» ዓይኑ ወደ አቡጀዲው ጫፍ፣ ግድግዳው ወደሚጀምርበት ሲሄድ አየችው። እዚያ ምን ይታያል? ምንም የለም፣ የተላላጠ ቀለም ብቻ ነው። እሱ ግን ያየዋል።

«ምን እሷን ታደርቃታለህ፣ እኔ አልነግርህም?» አለች እናት። «ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ ነው። ድልድዩን ትሻገርና ቁልቁል ትወርዳለህ። ዱቄቱ ልብሱን ያበላሽብሻል እያልኩ ብለፈልፍ ማን ይሰማኛል!»

ሰፊዋ ጆሮዋን ማመን አቃታት። እናቷ ይህን ክፍል አሳምራ ታውቀዋለች። የተከራየች ሰሞን ጉልበቷን እየያዘች፣ ደረጃውን እየረገመች ወጥታ፣ «እሰይ፣ ኪኒኔንም እግረ መንገዴን እገዛለሁ» ብላ መርቃት ሄዳለች። ድልድዩ ያለው በከተማው ሌላ ጫፍ ነው።

«ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ» ብሎ ደገመው ባልየው። የሚያየው እናትን ሳይሆን የሰፊዋን ፊት ነው።

ገባት። እናቷ የዋሸችው ግማሹን ነው፤ የቀረው ግማሽ ያለው በእሷ ፊት ላይ ነው። ዓይኗ ከተርበተበተ ለሦስቱም አለቀላቸው። ያንቺ ፊት ጋዜጣ ነው፣ ትላለች ሚጣ። መፍራቷን መደበቅ እንደማትችል ታውቃለች፤ ስለዚህ በቁጣ ሸፈነችው።

«እማዬ! ለመጣው ሁሉ አድራሻዬን ትናገሪያለሽ?»

«ለአማቼ ልደብቅ ኖሯል?»

«እንግዲህ ከነገርሽው…» ድምፅዋ ተንቀጠቀጠ፤ ይንቀጥቀጥ። «ሰማያዊ በር ነው። ግን ዛሬ አትምጣ። እለምንሃለሁ፣ ዛሬ አትምጣ።»

ይህኛው እውነተኛ ልመና ነበር፤ ያሳመነውም እሱ ሳይሆን አልቀረም። ፊቱ ላይ የነበረው ፈገግታ ጠፋና የሚጣ ባል ትክክለኛ ፊት ታየ፣ ረጋ ያለው።

«ብዙ አልቆይም» አለ።

ስልኩን ጠረጴዛው ላይ ጣለው። ጣሪያውና መሀሉ ላይ የተንጠለጠለው አምፖል ብቻ ቀሩ። «ሻይህን ሳትጨርስ?» «ሌላ ጊዜ፣ እማማ።» ወንበር ተገፋ፤ ኮቴ ተሰማ፤ በር ተከፈተ። ሰፊዋ አምፖሉ ላይ እንዳፈጠጠች ጠበቀች። ጩኸት ትጠብቅ እንደሆነ፣ የሚሰበር ነገር ትጠብቅ እንደሆነ አታውቅም። እናቷ ከስክሪኑ ውጭ የት እንዳለች፣ ቆማ ይሁን ተቀምጣ፣ የምታውቅበት መንገድ የላትም።

«እታለም» የሚል ሹክሹክታ መጣ ከመጋረጃው። «የሱ ድምፅ ነው?»

«እማዬ ጋ ነው። ዝም በይ።»

ብዙ ቆይቶ ግንባሩ ተመለሰ።

«ሄዷል» አለች እናት። አሁን ነው የተንቀጠቀጠችው። «ሰሞኑን ሲመላለስብኝ ሰነበተ። ዛሬ ደግሞ እስቲ ይደውሉላት አለኝ። እምቢ ብለው ይጠረጥራል፤ ብደውል ደግሞ… ምን ላድርግ፣ ልጄ?»

«ከመቼ ጀምሮ ነው ያወቅሽው?»

«ሚጣን መኪና ላይ ያስቀመጥኳት እኔ ነኝ፣ እግሯ ፔዳሉ ጋ ሳይደርስ። የእናት ሆድ ዥንጉርጉር ነው፤ አንቺ አንዴ ከጀመርሽ የሚያቆምሽ የለም፣ እሷ ጥቂት ትሄድና ቆም ትላለች። ልጅ ሆናም እየፈራች ነው የምትሰፋው። እናንተ ሌላ ከተማ ናት ትሉኛላችሁ፣ እኔ ከጀርባሽ እሰማታለሁ።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?»

«እናንተ ለምን ዝም አላችሁ?»

ደም ግፊትሽን ፈርተን፣ ልትል ነበር። አሳፈራትና ተወችው።

«ስሚኝ፣ እማዬ። ወፍጮ ቤቱን ዞሮ ሲያጣን መጀመሪያ የሚመጣው አንቺ ጋ ነው። ጎረቤት ጋ ሂጂ። አሁኑኑ ተነሺ፣ ነጠላ ጫማሽንም አትፈልጊ።»

«እሄዳለሁ። መጀመሪያ ልጄን አስተላልፊልኝ።»

«እማዬ፣ ጊዜ የለም!»

«በዚህ ስልክ ስንቱን ሰው አስተላልፌልሻለሁ። አንድ ሰው አስተላልፊልኝ።»

መጋረጃው ተገለጠ። ሚጣ ክር የተጣበቀበት ቀሚሷን እያራገፈች፣ እንግዳ ቤት እንደገባ ሰው እያፈረች መጣችና ካሜራው ፊት ተቀመጠች። ሰፊዋ ቦታውን ለቅቃላት ከጎን ቆመች። እናት ማንም ሳይነግራት ስልኩን ዝቅ አደረገችው፤ ሙሉ ፊቷ ታየ፣ ሁለቱም ከሚያስታውሱት ያረጀ ፊት።

«ሻርፑን አውልቂው» አለች።

ሚጣ ሻርፑን ፈታችው። የእናት ጣት ወደ ስክሪኑ ቀረበ፤ ምስሉም ተንቀጠቀጠ።

ስልኩ ዝቅ በማለቱ አሁን ከእናት ትከሻ ኋላ በሩ ይታያል። ባልየው ሲወጣ ገርበብ አድርጎት ነው የሄደው። በበሩና በመቃኑ መካከል ቀጭን የቀን ብርሃን ቆሟል። ሰፊዋ ዓይኗን ከዚያ መንቀል አቃታት። ብርሃኑ ሰፋ ያለ መሰላት፤ ነፋስ ይሁን ሌላ ነገር አልለየችውም።

«እማዬ፣ በሩ» አለች።

እናት አልሰማቻትም። ጣቷን የሚጣ አንገት ላይ አድርጋ፣ «እዚህ ጋ ነው?» ትላለች። «እዚህ ጋ?»