ጸጥ ያለው ጎረቤት

አሜሪካ ነፍሰ ገዳይ ባይበቅልባት ኖሮ እኔ ደሬሳ በገዛ ቤቴ ባልታሰርኩ ነበር።

ነገሩ የጀመረው ጎረቤቴ ኃይለልዑል ትልቅ ቴሌቪዥን የገዛ ሰሞን ነው። በተሰደድንበት ከተማ፣ ናሙዎንጎ በሚባል ሰፈር ያለው ግቢያችን የሐበሻ ግቢ ነው፤ እንግሊዝኛችን ደግሞ ከገበያ አያልፍም። እሱ እሑድ እሑድ የአሜሪካ ገዳዮችን ታሪክ ይከፍትና ድምፁን ዝቅ አድርጎ በአማርኛ ያንበለብልልናል። በተለይ ገዳዩ ያልተያዘበት ታሪክ ሲሆን አይጣል ነው። «ዛሬም ከአንዱ ጋር ግድግዳ ተጋርቶ ይኖር ይሆናል» ይላል፣ የሌለውን እየጨመረ።

ገዳዩ የተያዘ ከሆነ ደግሞ መጨረሻ ላይ መቼም አንድ ጎረቤቱ ብቅ ማለቱ አይቀርም፦ «ጸጥ ያለ ሰው ነበር። ሰላምታ አያጓድልም። ብቻውን ነበር የሚኖረው።» አንድ እሑድ ይህን ሲተረጉም ሁሉም ዞረው እኔን አዩኝ። አብሬ ሳቅሁ፣ ሌላ ምን ላድርግ!

ኦዊኖ ገበያ የሴት ሰልባጅ እሸጣለሁ። ቀኑን ሙሉ ስጮህ ስለምውል ቤቴ ስገባ ዝም እላለሁ፤ ወንጀሌ ይኸው ነው። ከዚያ ወዲህ ሰላም ስላቸው ልጆቻቸውን ይሰበስባሉ። ሰላምታ ብተው «ተለወጠ» አሉ። በየደጃፉ ቆሜ ወሬ ብጀምር «ምን ሊደብቅ ነው?» ተባልኩ። ውሃ ቢወቅጡት እንቦጭ ነው።

ባለፈው ሳምንት ደግሞ ጎረቤቴ ኻሊዳ ጠፋች። ስልኳ ዝግ ነው። ምን እደብቃለሁ፣ ኻሊዳን እወዳታለሁ። ጠዋት ጠዋት ለራሴ ሮሌክስ የሚሉትን እንቁላል በቂጣ ሳስጠቀልል ለእሷም አስጠቅልዬ በሯ ድረስ እወስድላት ነበር። መጥፋቷን ስሰማ አለቀስኩ፤ የአዞ እንባ አሉት።

ዛሬ ከሰዓት በሬ ላይ ተሰበሰቡ።

«ደሬሳ፣ ብራዘር፣ ክፈት» አለ ኃይለልዑል። «ቤቱን አየት አድርገን እንሄዳለን።»

እንዴት ልክፈት? ቤቴ እስከ ጣሪያው የሴት ቀሚስ ነው። ገዳዮች የሟች ልብስ እንደሚያስቀምጡ ያስተማራቸው ራሱ ኃይለልዑል ነው። በሩን ይገፉ ጀመር። በሩን በጀርባዬ ደግፌ ያዝኩ።

በዚህ መሀል የኃይለልዑል ስልክ ጮኸ።

«ኻሊዳ ናት!» ብሎ ለሁሉም እንዲሰማ ድምፁን ከፈተው።

«ጁባ ገብቻለሁ፣ ሥራም አግኝቻለሁ» አለች። የገዛ ድምፅዋ ነው። ደጁ በእልልታ ተናጋ። እኔም ፈጣሪዬን እያመሰገንኩ እጄን ወደ መቀርቀሪያው ላክሁ።

«ምነው ታዲያ ሳትሰናበቺን?» አላት ኃይለልዑል።

«ደሬሳ እንዳይሰማ ብዬ ነዋ። ያለሁበትን አደራ እንዳትነግሩት። በየጠዋቱ ምግብ ይዞ በሬ ላይ ይቆማል። እምቢ ብለው ምን ያደርገኝ ይሆን እያልኩ፣ ወላሂ፣ በፍርሃት ነበር የምበላው።»

ኃይለልዑል ስልኩን ዘጋ። ከዚያ በለሰለሰ ድምፅ፣ «ደሬሳ፣ በቃ፣ ነጻ ነህ። ውጣ» አለኝ።

መቀርቀሪያውን መልሼ እስከ መጨረሻው ቀርቅሬ፣ ከቀሚሶቹ መሀል ተቀመጥኩ።