ጠራዡ ከልጁ ስም የሸሸ ዕለት

ከእውቀት ሁሉ የሚያስፈራው ግማሹ ነው። መጽሐፍ ጠራዡ የዚያን ዕለት ጠዋት፣ ጀርባው የተገነጠለ አሮጌ የዐረብኛ መዝገበ ቃላት ሲሰፋ ዐይኑ በልጁ ስም ላይ አረፈ። «ሰሊም» ማለት ጤነኛ፣ ምንም ያልነካው ማለት እንደሆነ ያውቃል፤ ለልጅ ልጃቸው ያወጡለት የገዛ አባቱ ናቸው። ከሥሩ የተጻፈውን ግን አያውቅም ነበር፦ የጥንት ዐረቦች እባብ የነደፈውንም ሰው ሰሊም ይሉት ነበር ይላል። መርፌው ከእጁ ወደቀ። ቀጣዩን መስመር ሳያነብ መጽሐፉን ከደነው።

ሰዓት ሳይሞላ ስልኩ ጮኸ። የሦስት ዓመቱ ልጅ ከደረጃ ወድቆ ሆዱ ውስጥ እየደማ ነው፤ ሚስቱ ሆስፒታል ይዛው ገብታለች።

ጠራዡ ነፍሱን ሳያውቅ ደረሰ። የካርድ ክፍል ሠራተኛዋ «የታካሚው ስም?» ስትለው፣ ያን ስም ዛሬ መጥራት ሞትን ና ብሎ መጋበዝ መሰለው።

«ከማል» አለ።

ፈሪ እንዲህ ነው፤ ከጥላው ሲሸሽ ገደል ይገባል።

ካርዱን ይዞ ሚስቱና ልጁ ወዳሉበት አልጋ ሲደርስ ነርሷ የደም ከረጢት ይዛ መጣች። ከረጢቱን አየች፣ ካርዱን አየች፣ ቆመች።

«ደሙ የመጣው ለሰሊም ነው። ካርዱ ከማል ይላል።»

«ናሙናው ሲወሰድ ሰሊም ያልኩት እኔ ነኝ» አለች እናትየዋ። «ከማል ደግሞ የማን ልጅ ነው?»

«እኔ እንጃ። ስሙ ካልገጠመ አልሰቅልም። የሌላ ሰው ደም ሰጥቼ ልግደለው እንዴ?»

የልጁ ከንፈር አመድ መስሏል። ጠራዡ ያነበበውን ለሚስቱ በሹክሹክታ ነገራት።

«እባብ?» አለች። «አንተ ሰውዬ፣ ልጄ ደም አጥቶ አንተ የእባብ ተረት ታወራለህ? የተነደፈውን ምን ይበሉት ታዲያ፣ ሬሳ? ይዳን ብለው ነዋ ሰሊም ያሉት! ይሄን ለመረዳት ትምህርት ያስፈልጋል? ስሙን ተናገር አልኩህ!»

«አባትየው ካርዱን አርሞ ይፈርም» አለች ነርሷ። «ስሙንም አፉን ሞልቶ ይንገረኝ።»

ብዕሩን ተቀበለ። እንደምንም ጻፈ፣ ፈረመ። ካርዱን መለሰላት።

«የልጅህ ስም?»

«ሰ... ሰሊም። ልጄ ሰሊም ነው።»

ከረጢቱ ተሰቀለ። ደሙ በቀጭኑ ቱቦ መውረድ ጀመረ፤ የጠራዡ ፍርሃት ግን ንቅንቅ አላለም።

«እንዳይተኛ አናግረው» አለች ሚስቱ። «በስሙ ጥራው።»

ጠራው። ደግሞ ጠራው። ልጁ አልመለሰለትም። አልጋው ወደ ቀዶ ጥገናው ክፍል ሲገፋ እየተከተለ፣ በሩ ፊቱ ላይ ከተዘጋም በኋላ፣ አላፊ አግዳሚው እየዞረ እስኪያየው ድረስ ጠራው።