ዶክተሩ ዝም አለ

ዊልፍሬድ ሃክስቢን መንገድ ላይ ያየ ሰው ሁሉ ቆም ይላል። «ይቅርታ፣ የት ነበር የማውቅህ?» አርባ ዓመት ሙሉ በቴሌቪዥንና በመድረክ ቄስ፣ ዳኛ፣ አሽከር፣ የሰፈር ፖሊስ ሆኖ ሲገባ ሲወጣ ኖሯል። ፊቱን የማያውቅ የለም፤ ስሙን ግን ማንም አይዘውም። እሱም ቅር አይለው ነበር። «ዋናው ተዋናይ ሲወድቅ አገር ይሰማል፤ እኔ ብወድቅ ሌላ ቄስ ይፈልጋሉ» እያለ ይስቃል።

ዘንድሮ ግን ሳቁ ጠፋ። መጀመሪያ የጎረቤቱ ስም ጠፋበት። ቀጥሎ ማንቆርቆሪያውን እንደያዘ ለምን ወደ ኩሽና እንደገባ ጠፋው። ለማንም ትንፍሽ አላለም። በዊትቢ ከተማ ቲያትር ቤት የያዛት ሚና ትንሽ ናት፤ ዶክተር ሆኖ ይገባል፣ ለሚስትየዋ የባሏን መሞት ያረዳል፣ ይወጣል። ያችኑ ቃል ገላውን ሲታጠብም፣ አውቶቡስ ሲጠብቅም ያነበንባታል።

ቅዳሜ ከሰዓት ከመጋረጃው ጀርባ ተራውን ሲጠብቅ ቃሉ የለም። ጭራሽ የለም። ሸሚዙ በላብ ጀርባው ላይ ተጣበቀ። መሸሽ አማረው። የመድረኩ በር ግን ተከፈተና ብርሃኑ ፊቱ ላይ አረፈ።

ሚስትየዋን ሆና የምትጫወተው ሞርዌና ናት፤ ስመ ጥር፣ ስህተት የማትወድ፣ በዓይኗ ብቻ ሰው የምታስለቅስ። ቀና ብላ አየችው። አፉን ከፈተ፤ ድምፅ አልወጣም። የሚያደርገው ቢጠፋው ባርኔጣውን አወለቀ፣ አጠገቧ ተቀመጠና እጇን ያዘ።

ቃሉ እንደጠፋው ሞርዌና ገባት። «ዶክተር... አለፈ?» አለች በሹክሹክታ።

በአዎንታ ራሱን ነቀነቀ። ከአዳራሹ አንዲት ሴት ስቅስቅ ብላ አለቀሰች።

መጋረጃው እንደተዘጋ የቲያትሩ ወጣት አዘጋጅ እየሮጠ መጣ። «ሚስተር ሃክስቢ፣ አስለቀሱን እኮ! ምን ዓይነት ዝምታ ነው! ማታም ይድገሙልኝ!»

ዊልፍሬድ ከዚህ የበለጠ የሚያስፈራ ነገር ሰምቶ አያውቅም።

ሞርዌና ልብስ መቀየሪያው ክፍል ድረስ ተከትላው ገብታ በሩን ዘጋች።

«እኔን አታታልለኝም። ትወና አልነበረም።»

«አልነበረም።»

«ከመቼ ጀምሮ ነው?»

«ከገና።»

«ሐኪም አየህ?»

«ፈራሁ። አንዴ የበሽታውን ስም ከጠራልኝ መመለሻ የለውም።»

«አንተ ሞኝ ሽማግሌ፣ ባይጠራውስ ትቶህ ይሄዳል?»

ድምፁ ተሰበረ። «ሞርዌና፣ ዕድሜዬን ሙሉ ሰው በጻፈልኝ ቃል ነው የኖርኩት። ቃሉ ከሄደ ምን ይቀረኛል?»

ሞርዌና ኮቱን ከመስቀያው አንስታ አለበሰችው። «ማታ እኔ እናገርልሃለሁ» አለችው። «ሰኞ ግን ሐኪም ዘንድ እንሄዳለን።»

ሄዱ። ሐኪሙም የፈራውን ስም ጠራው። ዊልፍሬድ ሕመሙን ለአዘጋጁ ራሱ ነገረው፤ ትርኢቱ እስኪያበቃም ዶክተሩ አንዲት ቃል ሳይተነፍስ ገብቶ ወጣ። ሰዎች በዝምታው አለቀሱ። እሱ ግን ከመጋረጃው ጀርባ በቆመ ቁጥር ፍርሃቱ አይለቀውም ነበር። አሁን የሚፈራው የቃሉን መጥፋት አይደለም። አንድ ቀን ገብቶ የሞርዌናን እጅ ሲይዝ፣ ይህች ሴት ማን እንደሆነች እንዳይጠፋው ነው።