ውርጭ ፍለጋ

መራራውን ድንች ሜዳ ላይ ካሰጣነው አራተኛ ቀናችን ነበር። በየዓመቱ በሰኔ ብርድ፣ በቅዱስ ዮሐንስ በዓል ሰሞን፣ ሣር ላይ በትነን ለውርጭ እንተወዋለን። በሦስት ሌሊት ውርጩ ድንጋይ ያደርገዋል፤ ጠዋት ጠዋት በባዶ እግራችን እየረገጥን ውኃውን እናወጣለን። ሲደርቅ ቹኞ ይሆናል፤ ዓመቱን ሙሉ የምንበላው እሱን ነው። ያለ ውርጭ ግን ይህ ድንች ቢቀቅሉትም ከምሬቱ የተነሳ አይዋጥም።

ዘንድሮ ውርጩ አልመጣም። አንዱን ድንች አንስቼ ጨበጥ ሳደርገው ለሰለሰብኝ። ሳሸተው መበስበስ ጀምሯል።

ባለቤቴ ፍሎሬንስዮ ግን ዓይኑን ሰማይ ላይ ተክሎ፣ "ትንሽ እንታገሥ፣ ነገ ይመጣል" ይለኛል።

"ውርጭ እንግዳ መሰለህ? ቤቱ ጠፍቶት ነው የዘገየው?"

"እናቴ ዕድሜዋን ሙሉ እዚሁ ሜዳ ላይ ነው ያሰጣችው!"

"እናትህ ነፍሷን ይማር፣ ዛሬ ብትኖር ትታህ ሽቅብ ትወጣ ነበር። እኔ ወደ ባሲሊያ ልሄድ ነው።"

ስሟን ሲሰማ ዓይኑን ከሰማይ ወደ መሬት አወረደ። ባሲሊያ ከላይ ደጋው ላይ ለሱፋቸው አልፓካ፣ ለጭነት ላማ የምታረባ መበለት ናት። ካቻምና ላማዎቿ ማሳችን ሲገቡ ፍሎሬንስዮ በድንጋይ አባሯቸው የአንዷን እግር ሰብሯል። ከዚያ ወዲህ ሰላምታም የለን።

የበሰበሰውን ለይቼ ስጥል አለቀስኩ፤ ሩቡ ሄደ። የቀረውን በስምንት ላማ ጭነን ግማሽ ቀን ወጣን። ባሲሊያ በረቷ ደጃፍ ቁጭ ብላ ሱፍ ትፈትላለች።

"ያ ድንጋይ ወርዋሪው የት ቀረ?"

"ከኋላ ነው፤ አፍሮ።"

"ይፈር! ምን እግር ጣለሽ ታዲያ ኖርቤርታ?"

"ውርጭ ፈልጌ ነው፣ ባሲሊያ። ሜዳሽን አውሺኝ።"

እንዝርቷን አቆመችና ሳቀች። "ስንት ልመና ሰምቻለሁ፣ የውርጭ ለማኝ ግን ገና ዛሬ አየሁ! ሞልቶልሻል። በነጻ ግን አይሆንም።"

"ቹኞው ሲደርቅ ከአራት አንዱን ላንቺ።"

"ቹኞሽን አልፈልግም። ዘር ስጪኝ፣ የማይመረውን ድንች። አተካከሉንም አሳዪኝ።"

"እዚህ? እዚህ እኮ ከሣር በቀር የሚበቅል የለም!"

"እስቲ ነይ" አለችና ከበረቱ ጀርባ ወሰደችኝ። ግድግዳው ሥር የደረቀ የድንች ግንድ ቆሟል። አፈሩን በጣቷ ስትጭር እንቁላል የሚያካክሉ አምስት ድንቾች ወጡ።

"የጣልኩት ልጣጭ ነው። ማንም አልተከለው። ምንጩ እየደረቀ ነው፤ አልፓካዎቼ በየዓመቱ ይከሳሉ። ሌላ የምበላው ካላበጀሁ ምን ልሁን?"

ሙቀቱ ሽቅብ እየወጣ ነው ማለት ነው። ድንች የሚያፈራ አፈር ላይ ውርጭ ስንት ዓመት ይቆያል? ቀና ብዬ ሳይ ከኛ በላይ ያለው ቋጥኝ ብቻ ነው። እሷ ድንች ስታመርት እኔ የማሰጣበት ላጣ ነው። እውነቱን ልናገር፣ ዘሩን ልከለክላት ቃጥቶኝ ነበር።

"ገብቶሻል አይደል?" አለችኝ ዓይን ዓይኔን እያየች።

"ገብቶኛል። ዘሩን አመጣልሻለሁ። ግን ሜዳው ላይ እንዳትተክዪ፣ ብርዱ ወርዶ የሚተኛው እዚያ ነው። ማሳሽ ቁልቁለቱ ላይ ይሁን፣ ሜዳውን ለውርጩ ተዪለት። እንዲህ ከሆነ ሁለታችንም እንበላለን።"

"ያዘዝሽው ይሁን።"

ድንቹን ሳይመሽ አሰጣነው። በሦስተኛው ቀን ማለዳ ድንጋይ ሆኖ አገኘነው። ፀሐይዋ ለስለስ ስታደርገው እኔና ፍሎሬንስዮ መርገጥ ጀመርን፤ ውኃው በእግራችን ጣቶች መሃል ተንፎለፎለ። ባሲሊያ ጥቂት ቆማ አየችንና ጫማዋን አውልቃ ከጎኔ ገባች።

"ኖርቤርታ፣ ውርጩ ከዚህም የጠፋ ቀንስ?" አለችኝ እየረገጠች።

"የዚያን ቀን አብረን እናስብበታለን። አሁን ርገጪ፣ ፀሐይ ሳትቀድመን!"