የጀሶው ክንድ

ሹፌሩ በክሪ የለቅሶው ድንኳን በር ላይ ጫማውን አውልቆ ሲገባ፣ ዘርፈሽዋልን የሚያጽናኗት ሰዎች አሰልችተዋት ነበር። የሣልስቱ ዕለት ነው። ሁሉም «ደግ ሰው ነበሩ» ይላታል፤ እሷ ግን አብራው ኖራ ባሏ ደግ ይሁን ክፉ አልለየላትም። ለባል እንባ ሲጠፋ ደግሞ ሰው ያያል። ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጎትታ ተቀምጣለች።

ሟቹ ባሏ ሙሴ ሬናቶ ጣሊያን ነው። በአገሩ ለፊልም ሠሪዎች ቤተ መንግሥት፣ እስር ቤት፣ ቤተ ክርስቲያን ሲሠራ የኖረ፤ ያውም ሁሉንም ከእንጨት፣ ከጆንያና ከጀሶ። ለፊልም አዋሽ በረሃ መጥቶ ጓደኞቹ ሲመለሱ እሱ አሰበ ተፈሪ ቀረ። በእሷ ምክንያት ነው የቀረው፤ ይህን ማንም አይክድም። አንዴ ድሬዳዋ ወስዶ ድሮ የሠራበትን ፊልም አሳያት። ንጉሡ ትልቅ የድንጋይ አዳራሽ ውስጥ ብቻውን ሲያለቅስ እሷም አለቀሰች፤ ሙሴ በጆሮዋ «ድንጋዩ ጀሶ ነው» ብሎ ሳቀባት። ስምህ የት አለ ብትለው፣ የእኔ ሥራ ማንም ሳያውቀው ሲቀር ነው የሚያምረው አላት። ወይ ሙያ! አለች በሆዷ፤ ያም ሆኖ ወደደችው።

በሰባ አንድ መስከረም ወንድሟን ይልቃልን የቀበሌ ጥበቃዎች ፀረ አብዮት ነው ብለው እያሰሱት ሳለ፣ ካድሬዎቹ ሙሴን ጠርተው ለአብዮት በዓል ሚኤሶ የሚቆም ትልቅ የወዛደር ክንድ ሥራልን አሉት። እሺ አለ። ይባስ ብሎ እያፏጨ ሠራው። ክንዱ በበክሪ ኤንትሬ የጭነት መኪና ተጭኖ በሄደበት ማለዳ ይልቃል የገባበት ጠፋ፤ በልተውታል ተባለ። ዘርፈሽዋል ሬሳ የሌለው ለቅሶ ተቀመጠች። ከዚያ ወዲያ ለባሏ ምግብ ታቀርባለች፣ ልብሱን ታጥባለች፤ የይልቃልን ስም ካነሳ ግን ተነስታ ትወጣለች። ወንድሜን ለበሉት ክንድ የሠራ ሰው ምን ሊለኝ ነው፣ እያለች።

አምና ደም ግፊት ጥሎት ቀኝ ጎኑንና አንደበቱን ያዘው። ያኔ ጓዳ አልጋው አጠገብ ያለው ግድግዳ ላይ በግራ እጁ፣ በከሰል፣ ያንኑ ክንድ ይስል ጀመር። አሁንም አልወጣልህም? ትልና በእርጥብ ጨርቅ ታጠፋዋለች። እሱ እንደገና ይጀምራል፤ እሷ እንደገና ታጠፋለች። የመጨረሻውን ሳታጠፋው ሞተ።

በክሪ አጠገቧ ፍራሹ ላይ ተቀመጠ። ጎረቤቷ ኩብራ የሰጠችውን የቡና ገለባ ሆጃ ሁለቴ ፉት ብሎ አስቀመጠው።

«እትዬ ዘርፈሽዋል፣ ደርግ ሳይወድቅ ላልናገር ለሙሴ ምዬለት ነበር። ሲወድቅ ጅቡቲ ነበርኩ፤ ትናንት ነው የገባሁት።»

«ምኑን ነው የማትናገረው?»

«ይልቃል ክንዱ ውስጥ ነበር።»

ነጠላዋን ከፊቷ ገለጠች። በክሪ ቀስ እያለ አስረዳት። ክንዱ ውስጡ ባዶ ነበር፤ ሙሴ መቀመጫ ሠርቶለታል፣ በጣቶቹ መሃል መተንፈሻ ትቶለታል። ኬላ ላይ የአብዮቱን ክንድ ማን ይፈትሻል፤ ጠባቂዎቹም ግራ እጃቸውን አንስተው መፈክር አሰሙ። አንዱማ አቧራውን በኮፍያው ጠረገለት። ይልቃል ሚኤሶ ወርዶ በባቡር ጅቡቲ ገባ። ዛሬ ዳቦ ጋጋሪ ነው፣ ሦስት ልጆች አሉት፤ መንገዱ ሰላም ሲሆን እመጣለሁ ብሏል።

«ለምን አልነገረኝም?»

«ለቅሶ ቤቱ ውስጥ ካድሬዎቹ ፊትሽን እያዩ ተቀምጠው አልነበር? እንባዋ እውነት ካልሆነ ያልቅልናል አለኝ።»

«በኋላስ?»

በክሪ አንገቱን ደፋ። «በኋላማ ስሙን ሳነሳ ትወጣለች አለኝ።»

ዘርፈሽዋል ሳቀች። ድንኳን ሙሉ ሰው ደነገጠ። ጠባቂው ኮፍያውን አውልቆ ሲጠርግ ታያት፤ ሳቋ እያለ እንባዋ መጣ፣ ለሙሴ የወጣ የመጀመሪያው እንባ። ኩብራ አቅፋት «ኦብሲ እህቴ፣ ታገሺ» ብትላት፣ ተይኝ ላልቅስ፣ ገና አሁን ተገላገልኩ አለች።

ከዚያ ተነስታ ወደ ጓዳ ገባች። ግድግዳው ላይ ክንዱ እንዳለ አለ። መሃሉ ላይ ትንሽ ክብ ነገር አለች፤ እስከ ዛሬ የከሰል እድፍ መስላት ነበር፤ ለካ የሰው ራስ ናት። ጎንበስ ብላ ከምድጃው የጠፋ ከሰል አነሳች። በዕድሜዋ ስላ አታውቅም። ከክቧ ሥር ሰውነት አሰመረችለት፤ ቀጥላም ሁለት እግር።